የአባባ ድርሻ

ድምቡሼ ዘጠኝ ዓመቷ ነው። ከእናቷ ጋር በአንድ አሮጌ ፎቅ ምድር ቤት ትኖራለች። ድምቡሼ ያሏት ሕፃን ሳለች ጉንጯ ሙሉ ስለነበር ነው። አሁን ቀጥናለች፤ ስሙ ግን አልለቅም አላት። ምን ይደረግ፣ ቅጽል ስም አንዴ ከወጣ ወጣ ነው።

እናቷ ሆስፒታል ውስጥ ምግብ አብሳይ ናት። ለዚያ ሁሉ በሽተኛ ታበስላለች፤ ከገዛ ልጇ ጋር የምትበላበት ቀን ግን ጥቂት ነው። ድምቡሼ ከትምህርት ቤት ስትመለስ በሩን ራሷ ትከፍታለች። ቤቱ ጭር ያለ ነው። ግቢው ውስጥ ልጆች ገመድ ሲዘሉ በመስኮት ታያቸዋለች። እዚህ ቤት ከገቡ ጀምሮ አንድም ልጅ "ነይ እንጫወት" ብሏት አያውቅም። ልጆች፣ ብቻ መሆን እንዴት ሆድ እንደሚያስብስ ታውቃላችሁ? የማታውቁት እግዚአብሔርን አመስግኑ።

ቅዳሜ ግን እናትና ልጅ አብረው የለውዝ ወጥ ይሠራሉ። ለውዙን ይቆሉታል፤ በእጃቸው አሽተው ልጣጩን እፍ ይሉታል። ድምቡሼ ትወቅጠዋለች። በየመሃሉ ወደ አፏ የምትወረውረውን እናቷ እንዳላየች ትሆናለች። ሽንኩርቱ ከዝንጅብል ጋር ይቁላላል፤ ቲማቲም፣ ካሮትና ስኳር ድንች ይከተላሉ። ለውዙ በሙቅ ውሃ ተበጥብጦ ይገባል፤ ጎመኑ የመጨረሻ ነው።

"ለውዙ ከገባ በኋላ ማማሰሉን ከተውሽ ታች ይይዝብሻል" ትላለች እናቷ። "ዘይቱ ወደ ላይ ሲወጣ ያኔ በስሏል።"

የመጀመሪያው ጎድጓዳ ሳህን ሦስተኛ ፎቅ ለሚኖሩት ለልብስ ሰፊው ለአባባ ነው። ሚስታቸው ከሞቱ ወዲህ ብቻቸውን ናቸው። ድምቡሼ በልተው እስኪጨርሱ አብራቸው ትቀመጣለች። አባባ ደግሞ ባዶ ሳህን መመለስ አይሆንላቸውም። አንዴ ቁልፍ፣ አንዴ ቁራጭ ጨርቅ፣ ምንም ካጡ አንዲት ከረሜላ ጣል ያደርጉበታል።

አንድ ቅዳሜ ወጡ ሳይበስል እናቷ ወደ ሥራ ተጠራች።

"አንቺው ጨርሺው፤ አሁን ትችያለሽ። የአባባን ድርሻ ቀድመሽ አድርሺ፤ ቁጭ ብለሽም አጫውቻቸው። ብቻውን የበላ ብቻውን ይሞታል ይባላል።"

"እሺ እማዬ።"

ድምቡሼ አማሰለች። ዘይቱ ወደ ላይ ወጣ። "በሰለ!" ብላ ጮኸች። ማንም አልሰማትም። አንዳንድ ጊዜ ደስታም ብቻውን ሲሆን ያስለቅሳል። ሳህኑን ሞልታ ወደ ደረጃው ስትሄድ ልጆቹ አዩዋት።

"ምንድን ነው የያዝሽው?" አለች ረጅሟ ልጅ፣ የገመዱ ባለቤት።

"የለውዝ ወጥ። ራሴ ነኝ የሠራሁት።"

"ውሸታም! ካቀመስሽን ግን እናጫውትሻለን።"

ድምቡሼ ደረጃውን አየች። ገመዱንም አየች። ከዚያ ሳህኑን ሰጠቻቸው።

ልጆቹ ጠርገው በሉት። "ሌላ የለም?" አሉ። ቤት ገብታ የራሷንም ድርሻ አመጣች። ድስቱ ውስጥ የእናቷ ብቻ ቀረ። እሱን መንካት እንኳ አልደፈረችም። ትንሽ ዘለለች፤ አብዛኛውን ጊዜ ግን ገመድ ያዥ አደረጓት። ወጡ ሲያልቅ ረጅሟ ገመዷን ጠቀለለች።

"እኛ ቤት ፊልም ልናይ ነው።"

"እኔስ?"

"ለአንቺ ቦታ የለም።"

ድምቡሼ ባዶ ሳህኖች ታቅፋ ግቢው መሃል ቀረች። ከበፊቱ ይልቅ አሁን ብቻዋን ሆነች።

አመሻሹ ላይ እናቷ ደክሟት ገባች። ጫማዋን አውልቃ ያበጠ እግሯን ዘረጋች።

"አባባ በሉ?"

"በሉ።" አያችሁ? አንድ ትንሽ ቃል ናት፤ ወጥታ አለቀች።

"ዛሬስ ምን ላኩልን?"

"ምንም።"

እናቷ ቀና አለች። "አባባ ባዶ ሳህን? አሟቸው መሆን አለበት!" ጫማዋን መልሳ አጠለቀች።

"ደህና ናቸው እማዬ! አትሂጂ!"

እናትየዋ ግን ደረጃውን ጀምራለች። እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይባላል፤ የድምቡሼ እውነት ግን እስኪነጋም አልጠበቀ። ከኋላዋ ተከተለቻት።

በሩ ገርበብ ብሏል። ጠረጴዛው ላይ ሁለት ማንኪያና ሁለት ብርጭቆ ተቀምጧል። በአንዱ ወንበር ላይ ድምቡሼ ከፍ እንድትል ትራስ ተደርጓል። አባባ ፊታቸውን ወደ በሩ አድርገው ተቀምጠዋል።

"መጣሽ?" አሉ ፈገግ ብለው። "ጥናት ይዟት ነው እያልኩ እኮ ነበር።"

ድምቡሼ ክው አለች።

"አባባ፣ ወጡን ለልጆቹ ሰጠሁት። እንዲያጫውቱኝ ብዬ። ለእማዬም ዋሸኋት።" እንባዋ ዱብ ዱብ አለ።

አባባም፣ "ታዲያ አጫወቱሽ?" አሏት።

"ትንሽ።"

"የኔ ልጅ፣ እኔ ወጡን ብቻ የምጠብቅ መሰለሽ? ቀኑን ሙሉ የአንቺን ኮቴ ሳዳምጥ ነው የዋልኩት።"

ድምቡሼ ከዚህ የሚብስ ቁጣ ሰምታ አታውቅም፤ ቁጣም አልነበረም። "ይቅር ይበሉኝ፣ አባባ" አለች።

"ይቅር ብያለሁ፤ እኔም ብቸኝነትን አውቀዋለሁ።"

እናቷ ግን እንዲህ በቀላሉ አልለቀቀቻትም። "ብትነግሪኝ ኖሮ ሌላ እንሠራ ነበር" አለች። "ዓይን ዓይኔን እያየሽ መዋሸትሽ ነው የጎዳኝ።" ድምቡሼ አንገቷን ደፍታ እሷንም ይቅርታ ጠየቀች። ከዚያ እናቷ ወርዳ የራሷን ድርሻ አመጣችና ለሦስት አካፈለችው። ማንም አልጠገበም።

ልጆቹስ አትሉኝም? ሳምንቱን ሙሉ አንድም ቀን አልጠሯትም። በሚቀጥለው ቅዳሜ ግን ሳህን ይዛ ስታልፍ ረጅሟ ሮጣ መጣች።

"ዛሬም አምጪና እናጫውትሻለን!"

ድምቡሼ ገመዱን አየችው። መዝለል በጣም አማራት፤ እውነቱን ልንገራችሁ፣ ሆዷም ባባ።

"ይሄ የአባባ ነው" አለች።

ደረጃውን መውጣት ጀመረች። ከኋላዋ ገመዱ መሬቱን ጠፍ ጠፍ ሲያደርግ ይሰማታል። አልዞረችም። ከላይ አንድ በር ሲከፈት ሰማች።

ልጆች፣ የሌላውን ድርሻ ሰጥተን ጓደኛ መግዛት አንችልም፤ ስንሳሳት ግን እውነቱን ተናግረን ይቅርታ ብንጠይቅ እግዚአብሔርም ሰውም ይቀበለናል።