የገንደ ሃዎ ታሪክ ነጋሪ

አው ጃማዕ ፍራሻቸው ላይ ሞተው ተገኙ። ጉንጫቸው በጫት ተወጥሯል፤ ደረታቸው ላይ ገረባ ተበትኗል።

«ጠዋት ልጠይቃቸው ስመጣ ቀንበጡን እየቀነጠሱ ያኝኩ ነበር» አለ ጎረቤታቸው ዋርፋ፣ የቀበሌው ሊቀመንበር። «በዚህ ዕድሜ፣ በዚህ ሙቀት! ልባቸው ነው። ዛሬውኑ፣ ከከሰዓቱ የአስር ሶላት በፊት ይቀበሩ። የመቅበሪያውን ወረቀት ፈርምና ሂድ፣ ጓድ መቶ አለቃ።»

የፖሊሱ መቶ አለቃ ቡልቻ አልፈረመም። የሟቹን ከንፈር ገለጠ። ውስጡ ተልጧል፤ በሰው ሠራሽ ጥርሳቸው መካከል የትራስ ጥጥ ተሰክቷል።

አው ጃማዕ በአብዮት በዓሉ ላይ የሰፈራቸውን የገንደ ሃዎን ታሪክ ሊናገሩ ነበር፤ ለባቡር ሠራተኞች ውሃ እየሸጠች ሰፈሩን ስላቀናችው ስለ ሃዎ፣ በቀይ ሽብርም ከየቤቱ ስለተወሰዱት ልጆች። «የጠቆመውን ሳልናገር አልሞትም» ማለታቸውን ሰፈሩ ሁሉ ሰምቷል።

ቡልቻ ልጃቸውን ቱሪያን ለብቻዋ ጠየቃት።

«አብሯቸው የሚቅም ማነው?»

«ቢሌ ፀጉር አስተካካዩ ብቻ። አባቴ ጥርሳቸውን የሚያደርጉት ባዕድ ሲመጣ ነው፤ ሲቅሙ ያወልቃሉ፣ ጫቱን እኔ እወቅጥላቸዋለሁ። ዛሬ ግን ገበያ ነበርኩ፤ ሙቀጫውን አልነካሁትም።»

ቢሌ ጫቱን በብብቱ ይዞ በሩ ላይ ያለቅስ ነበር። «አቦ፣ እኔን ሳይጠብቁ? ወላሂ አያደርጉትም!»

ቡልቻ ሦስቱንም ግቢው ውስጥ ሰበሰበ። የሰፈሩ ሰው አጥሩን ከቦ ቆሟል።

«አው ጃማዕ በትራስ ታፍነው ነው የሞቱት። ጉንጫቸው ውስጥ ያለው ቅጠል አልታኘከም፤ ከሞቱ በኋላ የተጠቀጠቀ ነው። እሳቸው የሚቅሙት ጥርሳቸውን አውልቀው፣ ተወቅጦላቸው ነው። ሙቀጫው ደረቅ ነው። ቱሪያና ቢሌ ቢገድሉ ኖሮ እንዲህ አይሳሳቱም ነበር። ጥርሳቸውን የሚያደርጉት ለባዕድ ሰው ነው፤ ዛሬም አድርገው እንግዳ ተቀብለዋል። አንተ ግን፣ ዋርፋ፣ ሲያኝኩ በዓይኔ አየሁ አልክ።»

«እኔ የአብዮቱ ዘብ ነኝ! ነገ የት እንደምትገባ እናያለን!»

«ሃያ ዓመት ጎረቤታቸው ሆነህ የሽማግሌውን አፍ አታውቀውም። የምታውቀው መዝጋቱን ብቻ ነው!» ካቴናውን አጠለቀለት።

ቱሪያ ወደ አጥሩ ሄደች።

«አባቴ ሊናገሩ የነበረውን እኔ እናገራለሁ። እዚህ ቤት ወንድሜ ሙመድ ነበር፤ የጠቆመው ዋርፋ ነው። እዚያ ማዶ ኪንሲ ነበረች፣ የጨርቅ ፋብሪካ ሠራተኛዋ ልጅ፤ የጠቆማት ዋርፋ ነው...»

ከአጥሩ ወዲያ አንዲት እናት የሦስተኛውን፣ የራሷን ልጅ ስም ጮኻ ጠራች።