በግራ ትከሻ ላይ የነበረው ሻርፕ

ጠዋቱ እንደ ሌላው ጠዋት ነበር። ከፓሪስ ወጣ ብሎ ባለው ስቱዲዮ ከንጋቱ አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ መብራቶች በሩ፤ ዳቦና ቡና ቀረበ፤ ባስቲያን የተባለው ዳይሬክተር ግቢው ውስጥ ከሠራተኞቹ ጋር መከራከር ጀመረ። አንድ ሰዓት ላይ ተዋናይት ሶሌን ቮክላንን ለመጥራት ሲኬድ በመልበሻ ክፍሏ ውስጥ የትወና ልብሷን እንደለበሰች ወንበሯ ላይ ሞታ ተገኘች። ፊቷ ሠላሳ ስድስት ዓመት በፊልምና በቴሌቪዥን የኖረ ነበር።

የፖሊስ መርማሪዋ ኮሚሴር ሞንታቦን አስከሬኑን ለረጅም ጊዜ አየች። በሶሌን ሻይ ውስጥ የራሷ የልብ መድኃኒት ከመጠን በላይ ተጨምሮ ተገኝቷል፤ ጠርሙሱ ግን ከትናንት ጀምሮ ከቦርሳዋ ጠፍቷል። ሻርፗ በግራ ትከሻዋ ላይ ተስተካክሎ ተቀምጧል።

ሻዩን ያመጣችው ወጣቷ ተዋናይት ማኤል ነበረች። ፖሊሶቹ ሊወስዷት በር ላይ ይጠብቃሉ።

«በሯ አጠገብ ኮሪደሩ ላይ አስቀምጬ ሄድኩ። ስታጠና አትረበሽም» አለች።

«ትናንት "እርስዎ ካልሄዱ ለእኛ ቦታ የለም" ብለሻት አልነበር?» አላት ባስቲያን።

«እሷስ "ቦታው አለ፤ አንቺ ገና በሩን አላገኘሽውም" አለችኝ። ተሳሳቅን እኮ።»

አልባሽዋ ዢኔት አፍንጫዋን ጠረገች። «ሻርፑን በቀኝ ትከሻዋ ጣል አድርጌላት ወጣሁ። ከዚያ በኋላ አላየኋትም።»

ከቀረጻ ወደ ቀረጻ ምንም ነገር እንዳይዛባ የምትመዘግበው ኦዲል ደብተሯን ጭኗ ላይ አድርጋ ተቀምጣለች። «እኔ ዛሬ ደጃፏንም አልረገጥኩም።»

ኮሚሴሯ ሁሉንም የቀረጻው ሳሎን ውስጥ ሰበሰበቻቸው።

«አቶ ባስቲያን፣ የትናንቱ ትዕይንት ስንት ጊዜ ተቀረጸ?»

«አምስት። አራቱ ላይ ሻርፑ በቀኝ ነው። በአምስተኛው ወደ ግራ ተንሸራተተ፤ እንባዋ ግን እውነተኛ ነበር። እሱን መረጥኩ።»

«ሶሌን ታውቃለች?»

«ቀድማ ሄዳለች። የመረጥነው እኔና ኦዲል ብቻ ነን።»

«ስለዚህ ዢኔት በቀኝ አለበሰቻት፤ ሶሌንም የምትለውጥበት ምክንያት አልነበራትም። የዛሬው ቀረጻ ከዚያ ስለሚቀጥል ሻርፑ በግራ መሆን እንዳለበት የሚያውቁት ሁለት ሰዎች ብቻ ናቸው። እርስዎ ከንጋት ጀምሮ ከአሥር ሰው ጋር ግቢ ውስጥ ነበሩ።» ወደ ኦዲል ዞረች። «እርስዎ ግን ደጃፏን አልረገጥኩም አሉ።»

ባስቲያን ወለሉን እያየ፣ «ሶሌን ሌላ መዝጋቢ እንድቀጥር ጠይቃኝ ነበር። የኦዲል ዓይን ደክሟል ብላ» አለ።

ኦዲል ደብተሩን ዘጋች። «ሃያ ሁለት ዓመት ስህተቷን ሁሉ እኔ ነኝ ያረምኩት። እኔ አንድ ጊዜ ብሳሳት ቆጠረችብኝ።» ቀጥላም፣ «መድኃኒቱን ኮሪደሩ ላይ ሻዩ ውስጥ ጨመርኩት። የገባሁት ከሞተች በኋላ ነው። ሻርፑ ተሳስቶ ነበር» አለች።

ፖሊሶቹ ማኤልን ትተው ኦዲልን ወሰዱ። ኮሚሴሯ ደብተሩን ገለጠችው። ለዛሬ የተጻፈው አንድ መስመር ነው፦ ሻርፕ በግራ፣ ስኒ ጠረጴዛ ላይ፣ መስኮት ክፍት።

ቀና ብላ የቀረጻውን ሳሎን አየች። ስኒው ጠረጴዛው ላይ ነው፤ መስኮቱ ተከፍቷል። ሶሌን የለችም።