ለጠበቃዋ ማን ይከራከር?

«አንድ አንቀጽ ብቻ! በናትሽ፣ ሞቼ ልገኝ!»

ሳቂታዋ የክፍል ጓደኛዋ ባዶ ወረቀቷን በጠበቃዋ ዴስክ ላይ ዘረጋችው።

ጠበቃዋ ግንባሯን በመዳፏ እንደደገፈች ቀና አላለችም። ስሙን ያወጣላት ክፍሉ ነው፤ ላረፈደውም፣ መስኮት ለሰበረውም ተከራክራ ይቅርታ የምታሰጥ እሷ ናት። ሰሞኑን ደግሞ የሰው ድርሰት መጻፍ ተጨምሮባታል። ጠዋት እናቷ ከስፌት መኪናዋ ቀና ብላ «ዓይንሽ ደም ለብሷል፣ ልጄ» ስትላት፣ «አቧራ ነው፣ እማ» ብላ ወጥታለች።

መምህሩ ያዘዙት አሳማኝ ድርሰት ነበር፤ የምታውቁትን አንድ ሰው ምረጡና ሐሳቡን አስቀይሩ። ከኋላዋ ለሚቀመጠው ረጅሙ ልጅ፣ ኳስ እንዲፈቅዱለት አባቱን የሚለማመጥ ጽፋለታለች። ለሌሎችም እንዲሁ። የራሷ ግን «ይድረስ ለ» ከሚለው አላለፈም። ወረቀቱ የሚሰበሰበው ከዚህ እረፍት በኋላ ነው።

«የራሴን እንኳ አልጻፍኩም» አለች።

«አንቺ እኮ ዓይንሽን ጨፍነሽም ትጽፊዋለሽ!»

«ጨፍኜ መተኛት ነው የምፈልገው።»

ሳቂታዋ ቀልድ መስሏት ሳቀች። «አታካብጂ ባክሽ! ጓደኛ ካልረዳ ምኑን ጓደኛ ሆነ?»

አነጋገሩ ያምራል። ሌላ ቀን ቢሆን ጠበቃዋ ብዕሯን ታነሳ ነበር። ዛሬ ግን መምህሩ በየድርሰቱ ጠርዝ በቀይ የሚጽፉት ጥያቄ መጣባት።

«እንዴት አወቅሽ?»

«ምኑን?»

«ካልጻፍኩልሽ ጓደኛሽ እንዳልሆንኩ።»

«በቃ ተዪው! ኮራሽብኝ አይደል?» ሳቂታዋ ወረቀቷን መንትፋ መስኮቱ ሥር ሄዳ ተቀመጠች።

«ነይ፣ አምጪው» የሚለው ቃል የጠበቃዋ ምላስ ጫፍ ላይ ደርሶ ነበር። ዋጠችው።

ወረቀቷን ሳበች። «ይድረስ ለ» ከሚለው ቀጥላ «ራሴ» ብላ ጻፈች። ከሥሩም፦ «ሁልጊዜ አቧራ ነው ትያለሽ። አይደለም። ደክሞሻል። ለሰው ሁሉ ተከራክረሽ ለራስሽ ዝም ያልሽው ለምንድን ነው?»

ቀና ስትል ሳቂታዋ ጥፍሯን እየበላች የሆነ ነገር ትሞነጫጭራለች። አኩርፋለች፤ ግን እየጻፈች ነው።

ጠበቃዋ ክንዷን ዴስኩ ላይ አጣጥፋ ወደ ኋላ ዞረች። «ሲደወል ቀስቅሰኝ» አለችው ረጅሙን ልጅ።

«ድርሰትሽስ? አለቀ?»

«አላለቀም» አለች ጭንቅላቷን እያስደገፈች። «ግን አሳምኖኛል።»