ማግኔት የወደደችው ሳንቲም

ሳንቲሟ ዘላ በአናጢው ካቻቢቴ ጫፍ ላይ ተለጠፈች።

አናጢው የተጠራው የሙዚየሙን ማሳያ ሣጥን የላላ ማጠፊያ ሊያጠብቅ ነበር። የካቻቢቴው ጫፍ ማግኔት ስላለው የወደቀ ብሎን ያነሣለታል። አሁን ግን ሌላ ነገር አነሣ።

«ይቅርታ እናቴ፣ ዕቃችሁን ነካሁባችሁ» አለና እየሣቀ ለእትዬ ቁልፍ ሰጣቸው።

እትዬ ቁልፍ አልሣቁም። ከሣጥኑ በላይ «ንጹሕ መዳብ፤ ከዓይነቷ የቀረች አንዲት» ተብሎ በትልልቅ ፊደል ተጽፏል። መዳብን ደግሞ ማግኔት አይነካውም።

ሙዚየሙ ውስጥ ሠላሳ ዓመት በዕቃ ጠባቂነት ሠርተዋል። እትዬ ቁልፍ ያሰኛቸው ወገባቸው ላይ የሚንሿሿው የቁልፍ ዘለላ ነው። ጡረታ ሊወጡ አሥራ ሁለት ቀን ቀርቷቸዋል፤ የቀረው ሥራ ርክክብ ብቻ ነበር። ዕቃ ከጎደለ ግን ጡረታው ቀርቶ የሚጠብቃቸው ወህኒ ነው።

ሳንቲሟ በዘመኗ ማንም ጎንበስ ብሎ የማያነሣት ተራ ነገር ነበረች። ሕዝቡ «ቀይዋ» ይላታል። መጀመሪያ አንድ ከረሜላ ትገዛ ነበር፤ ኋላ ልጣጩንም አትገዛም። የመዳብ ዋጋ ሲሰቀል፣ ብልጦች ቀይዋን እያቀለጡ ድስት ይሠሩባት ጀመር። መንግሥት ዘግይቶ ነቃና ከብረት ሠርቶ ከላይ መዳብ ቀባት፤ በሦስተኛው ዓመት ጭራሽ ከገበያ አወጣት። ታዲያ የብረቱ ሥራ በተጀመረ ዕለት፣ ማተሚያው ውስጥ ሳይጠረጉ የቀሩ ጥቂት የመዳብ ክቦች ከብረቶቹ ጋር ተቀላቅለው የብረቶቹን ዓመተ ምሕረት ይዘው ታተሙ። ተለቅመው ሲቀልጡ አንዷ አመለጠች። ሰብሳቢዎች ቤታቸውን ሸጠው የሚፈልጓት እሷን ነው። አሁን በቦታዋ የተገኘችው ግን ተራዋ ብረት ነበረች።

መርማሪዋ በዚያው ቀን ደረሰች። ወጣት ናት፤ ንግግሯ አጭር ነው። የአናጢውን ኪስና የመሣሪያ ሣጥን አስራገፈች። ምንም የለም። ቀጥሎ የእትዬ ቁልፍ ቦርሳ ጠረጴዛ ላይ ተገለበጠ፦ መነጽር፣ መሐረብ፣ የራስ ምታት ክኒን። እትዬ ቁልፍ ዕቃቸውን አንድ በአንድ ለቅመው መለሱ።

ከዚያ የሳንቲም ክፍሉ ኃላፊ ተጠራ። ሁሉም «ሊቁ» ይለዋል፤ እሱም ስሙን አይጠላውም።

«ሳንቲሟን ለመጨረሻ ጊዜ የመረመሯት መቼ ነው?»

«ከስድስት ወር በፊት፣ የሣጥኑን ቁልፍ ለእትዬ ያስረከብኩ ዕለት። መዘንኳት፣ ማግኔትም አስጠጋሁባት። መዳቧ ነበረች።»

«እርግጠኛ ነዎት?»

«ሃያ ዓመት የኖርኩት ከሳንቲም ጋር እኮ ነው!»

«ከዚያ ወዲህ ቁልፉ ማን ጋ ነበር?»

ሊቁ አንገቱን ደፋ። «እንደ እናቴ ነው የማያቸው። ግን... እሳቸው ጋ ነበር።»

በሦስተኛው ቀን መርማሪዋ እትዬ ቁልፍን ብቻቸውን አዳራሹ ውስጥ አስቀመጠቻቸው። ክሱ ተጽፎ ሊያልቅ ነው።

«እማማ፣ ሲረከቡ አይተዋት ነበር?»

«በመስታወቱ አየኋት። ማግኔት ይዤ አልዞር ልጄ!»

«ሌላ ሰው ቁልፉን ወስዶ ያውቃል?»

«ኧረ ከወገቤ ወርዶ አያውቅም።»

መልሱ ከአፋቸው ሲወጣ በገዛ ራሳቸው ላይ እንደፈረዱ ገባቸው። መርማሪዋ ጻፈችና ከሣጥኑ ውስጥ ሳንቲሟ የነበረችበትን የከፋይ ጨርቅ ነቅላ ለማስረጃ ልታሽገው አጠፈችው።

«ቆይ እስቲ» አሉ እትዬ ቁልፍ። «እስቲ አምጪው።»

ጨርቁ መሐል ቡናማ ቀለበት አለ። በጥፍራቸው ፋቁት፤ አልለቀቀም። ገለበጡት፤ ወደ ጀርባው ዘልቋል። ሣጥኑ ውስጥ አጎንብሰው ሲያዩ ጣውላው ላይም ታትሟል።

«ይሄ ዝገት ነው። ሳንቲሟን እያት፣ ጠርዟ ላይ መዳቡ ተልጧል። ይህ ግድግዳ ክረምት በመጣ ቁጥር ያልበዋል፤ የብረት መደርደሪያዎቹ ሥር የሚተወውን ዝገት ስፈትግ ነው ያረጀሁት። እንጨት ድረስ ለመዝለቅ ሦስት አራት ክረምት ይፈልጋል። መዳብ ተኝቶበት ቢሆን ደግሞ አረንጓዴ ይተው ነበር። አረንጓዴው የታለ?»

መርማሪዋ ጨርቁን ብርሃን ላይ ዘርግታ ብዙ አየችው። ከዚያ ክሱ የተጻፈበትን ወረቀት ቀስ ብላ ገለበጠችው።

«ከስድስት ወር በፊት ቁልፉ ማን ጋ ነበር፣ እማማ?»

«ሊቁ ጋ» አሉ እትዬ ቁልፍ በቀስታ።

ሊቁ ሲጠራ ፈገግ ብሎ ገባ።

«ማግኔት አስጠግቼ መዳቧ ነበረች ብለዋል» አለችው መርማሪዋ።

«አዎ።»

«ብረቷ ግን እዚህ ዓመታት ተኝታለች።»

ጨርቁን ዘረጋችለት። ሳንቲም ያጠና ሰው ዝገት ማንበብ አያቅተውም። ፈገግታው ጠፋ፤ ወንበሩ ላይ ዘፍ አለ። ከደረት ኪሱ ትንሽ ቦርሳ አወጣ። በጥጥ ተጠቅልላ ቀይዋ ወጣች።

«አልሸጥኳትም» አለ። «ያን ዕለት ማተሚያው ላይ የነበረው አባቴ ነው። የመጥረጉ ተራ የሌላ ሰው ነበር፤ የተባረረው ግን እሱ። የመንግሥት መዳብ ሰረቀ እየተባለ ሞተ። እዚህ ደግሞ መስታወት ውስጥ ተቀምጣ ሰው ሲያደንቃት ሳይ አልቻልኩም። ሰባት ዓመት ሆነኝ ከወሰድኳት። ማንም የሚነቃ አልመሰለኝም።»

«አባትህ ባልሠራው ጥፋት ተባረረ» አሉ እትዬ ቁልፍ። ሃያ ዓመት አንቱ ያሉትን ሰው አንተ ያሉት ያን ጊዜ ነው። «ታዲያ እኔንስ ምን ልታደርገኝ ነበር?»

መርማሪዋ በር ላይ የቆሙትን ፖሊሶች ጠራች። ይዘውት ሲወጡ ሊቁ ዞሮ እትዬ ቁልፍን አላያቸውም።

መርማሪዋ የተገለበጠውን ወረቀት አንሥታ ለሁለት ቀደደችው። «ነፃ ነዎት እማማ። ርክክብዎን ይጨርሱ። ክሱን በስምዎ ስለጻፍኩት ይቅርታ ያድርጉልኝ።»

እትዬ ቁልፍ ደረጃው ላይ ቁጭ አሉ። እንባቸው መጣ፤ ወዲያው ደግሞ ሣቃቸው ቀደመው። ሦስት ቀን ሙሉ ደረታቸው ላይ የተቀመጠው ድንጋይ ወርዶ፣ በቦታው ሌላ ስሜት ሲመጣ ተሰማቸው፤ ምን እንደሆነ ለመለየት ትንሽ ጊዜ ወሰደባቸው።

«ልጄ» አሉ ዓይናቸውን በመሐረብ እየጠረጉ፣ «እዚህ አካባቢ ጥሩ ምሳ ያለበት ቤት ታውቂያለሽ? እንዴት እንደራበኝ!»