አራት ለሦስት

ወጌሻው በሕክምና ክፍሉ ወለል ላይ በግንባሩ ተደፍቶ ነበር። በእጁ የጨበጠው የሬዲዮ መገናኛ «ወጌሻ፣ ወደ ሜዳ! ወጌሻ፣ ይሰማል?» እያለ ይለፈልፋል፤ ባለቤቱ ግን ከእንግዲህ የሚሰማው ነገር አልነበረም።

ያገኘው ጎረቤቱ ነው። ከግድግዳው ማዶ የተጫዋቾችን ራኬት ገመድ የሚወጥር፣ ከመቀሱ ስለማይለይ «አባ መቀስ» የሚሉት ጎልማሳ አለ። የሬዲዮው ጩኸት ሥራ ቢያስፈታው «ሰውዬ፣ ወይ መልስለት ወይ ዝጋው!» ብሎ በሩን በርግዶ ገባ። በዚያን ቀን ከዚያ በኋላ ማንንም አልተቆጣም።

ኢንስፔክተሯ ስትደርስ ዝናቡ የአዳራሹን ቆርቆሮ ይደበድብ ነበር። ስለ ቴኒስ የምታውቀው ኳሱ ቢጫ መሆኑን ብቻ ነው። ውድድሩም ቢሆን የሚያኮራ አልነበረም፤ ቴሌቪዥን ከማይመጣባቸው፣ ተጫዋቹ ካልሲውን ራሱ አጥቦ ማሞቂያ ላይ ከሚያሰጣባቸው አንዱ ነው። ተመልካቹ አርባ ቢሞላ ነው፤ ግማሹም ዝናብ ሊያሳልፍ የተጠለለ። እንዲህ ያለ ቦታ የሚመጣ ተጫዋች ወይ ገና ወደ ላይ የሚወጣ ልጅ ነው፣ ወይ በደረጃው ዝርዝር ጫፍ ላይ በጥፍሩ የተንጠለጠለ ሰው።

ሬሳው አጠገብ ቁጢጥ አለች። የተመታው ከኋላ ነው፣ ያውም አንድ ጊዜ ብቻ። ጀርባውን የሰጠው ለማይፈራው ሰው ነበር ማለት ነው። መደርደሪያው ላይ የተጎዳ እጅ የሚጠናከርባቸው ሁለት ትንንሽ የብረት ክብደቶች ጎን ለጎን ተቀምጠዋል። አንዱ አቧራ ለብሷል፤ ሌላው ንጹሕ ነው፣ እንዲያውም እርጥብ ነው። ጠረጴዛው ላይ ክዳኑ የተነሳ እስክሪፕቶና የሕክምና ቅጽ ጥራዝ አለ። የላይኛው ቅጽ ተገንጥሏል፤ ክፍሉ ቢበረበርም አልተገኘም።

«ለመጨረሻ ጊዜ በሕይወት ያዩት መቼ ነው?» አለችው አባ መቀስን።

«ሁለት ለሦስት ላይ።»

«በሰዓት ይንገሩኝ እንጂ።»

«ኢንስፔክተር፣ እኛ ሰዓት አናይም። ይሄን ነው የምናየው።» ኮሪደሩ ግድግዳ ላይ ነጥብ የምታሳየውን ትንሽ ስክሪን ጠቆማት። «ጨዋታው ሁለት ለሦስት ሲሆን መጥቶ መቀሴን ወሰደ። ፕላስተር ሊቆርጥበት! ስንቴ ነገርኩት፣ ሙጫ ይይዘዋል ብዬ።» ባዶ እጁን ተመለከተ። «ጠዋትም በዚሁ ጮኼበታለሁ። በመቀስ!»

«ከዚያስ?»

«ከዚያ ይቺን ራኬት ጀመርኩ። ዳኛው አምስት ለአራት ላይ ሲጠራው አልመለሰም። ሃያ ደቂቃ ቢሆን ነው፤ እስከዚያ ከማሽኔ አልተነሳሁም።»

ማሽኑ ላይ የታሰረችው ራኬት ሁለት ክር ብቻ ቀርቷታል። ኢንስፔክተሯ አንዱን እንዲወጥር አድርጋ በእጅ ሰዓቷ ለካች፤ የተወጠሩትን አንድ በአንድ ቆጠረች። እንደዚያ በሚፈጥን እጅ እንኳ ሃያው ደቂቃ በቅጡ አይበቃም ነበር። መቀሱን ከወጌሻው ጠረጴዛ አንስታ መለሰችለት፤ ሰውየው ሙጫውን በጥፍሩ እየፋቀ አለቀሰ።

የበሩ ጠባቂ ከውጭ ማንም እንዳልገባ ማለ። የሕክምና ክፍሉ ወዳለበት ምድር ቤት ለመውረድ የሚያበቃ ባጅ ኖሯቸው ሜዳ ላይ ያልነበሩ፣ አባ መቀስን ትተን፣ ሁለት ሰዎች ብቻ ነበሩ።

አንደኛው ሲጫወቱ ከነበሩት የአንዱ ታላቅ ወንድምና አሰልጣኝ ነው። ኢንስፔክተሯ ገና ሳትቀመጥ ጠየቃት።

«ጨዋታው መቼ ነው የሚቀጥለው?»

«ሰው ሞቷል እኮ።»

«ነፍስ ይማር፤ ደግ ሰው ነበር።» ዓይኑን ከሜዳው አላነሳም። «ግን እየመራን ነው። የጨዋታውን የመጀመሪያ ክፍል ስድስት ለአራት ወስደናል። ዛሬ ካላለፍን ማሙሽ ከዝርዝሩ ይወጣል። በሚቀጥለው ወር ለማጣሪያ እንኳ አይቀበሉትም።»

«ማሙሽ?»

«ወንድሜ ነው። አባታችን ሲሞት የዘጠኝ ዓመት ልጅ ነበር። የራሴን ራኬት ጥዬ እሱን አስያዝኩት። አሥራ አንድ ዓመት አብረን ዞረናል።» ሠላሳ ዓመት ያለፈውን ሰው ማሙሽ ማለቱ ለእሱ እንግዳ አልነበረም።

«ጨዋታው ከተጀመረ ከመቀመጫዎ አልተነሱም?»

«ንቅንቅ አላልኩም። ከፈለጉ አንድ በአንድ ልተርክልዎ።»

«እስቲ ከሁለት ለሦስት ወዲህ።»

«ማሙሽ የራሱን ሰርቭ፣ ኳስ የሚጀምርበትን ተራ፣ አሸነፈ፤ ሦስት ለሦስት። ከዚያ የተጋጣሚውን ሰርቭ ነጠቀው፤ አራት ለሦስት። ተቀመጡ፣ ውሃ ጠጡ። ሲነሱ አዲስ ኳስ ወጣ። ማሙሽ እንደ ደንቡ አዲሱን ኳስ ከፍ አድርጎ ለተጋጣሚው አሳየና መታ፤ አምስት ለሦስት። ያኛው የራሱን ወሰደ፣ አምስት ለአራት። ከዚያ እኛ ጨረስን።»

«ሲያስታውሱ ጉድ ነው!»

«ሥራዬ ነው» አለ።

ሁለተኛው ሰው ትናንት በማጣሪያ የተሸነፈ ተጫዋች ነው። አንዱ ታሞ ቢቀር ቦታው ይሰጠኛል ብሎ ከየአዳራሹ ስለማይጠፋ ስሙ «ምናልባት» ሆኖ ቀርቷል። ትናንት ከሽንፈቱ በኋላ «ወጌሻው ነው ጉልበቴን እንደ ምንጣፍ ጠቅልሎ ያስበላኝ» ብሎ ሲጮህ ሰው ሁሉ ሰምቶታል።

«ብዬአለሁ» አለ ሳይጠየቅ። «የተሸነፈ ሰው የማይለው አለ?»

«የት ነበርክ?»

«ላይ፣ ጣሪያው የሚያንጠባጥብበት ወንበር ላይ፣ ቦርሳዬን ታቅፌ።»

«ምስክር አለህ?»

«እኔን ማን ያየኛል?»

«ታላቅ ወንድምየውን ከዚያ ታየው ነበር?»

«ከእኔ ሥር፣ ከምሰሶው ጀርባ ነው የሚቀመጠው። አይታየኝም። ጨዋታውን ነበር የማየው፤ ደህና ነበር። ወንበር ዳኛው ብቻ ነው ያሳቀኝ። ኳስ መቀየር ረስቶ፣ ትዝ ሲለው ፊቱን የት ያድርገው! እነሱ ደግሞ እስከ አምስት ለአራት ድረስ ፀጉሩ በረገፈ ኳስ ሲቀጠቃቀጡ…»

«ከተሸነፍክ ለምን ወደ ቤትህ አልሄድክም?»

የ«ምናልባት» ሳቅ ጠፋ። «ሄጄ ምን ልበላቸው?» አለ ዝቅ ብሎ። «ባለቤቴ ስትደውል አሁንም እየተጫወትኩ ነው እላታለሁ።»

ኢንስፔክተሯን አሳዘናት። እሱን ትታ ወደ ወንበር ዳኛው ሄደች፤ ከፍ ያለው ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ለተመልካቹ ጀርባውን ስለሚሰጥ ማን ተነሳ ማን ተቀመጠ አያውቅም። የነጥብ ወረቀቱን ስትጠይቀው በክንዱ ሸፈነው። ወጣት ነው፤ ላብ አጥምቆታል። ከብዙ ልመና በኋላ ሰጣት። አንዲት መስመር አነበበችና ወረቀቱን አጥፋ ያዘች።

ታናሽ ወንድምየው ልብስ መቀየሪያው ክፍል ውስጥ ፎጣ ተከናንቦ ተቀምጧል። አንድ ብርጭቆ ውሃ በቀኙ በኩል ዘረጋችለት። ዞር ብሎ በግራ እጁ ተቀበላት።

«ቀኝህ ምን ሆነ?»

«ደህና ነው።»

«እየመራህ፣ ክፍሉን ለመጨረስ አንድ ጌም ሲቀርህ፣ ወጌሻ ያስጠራኸው አንተ ነህ አሉ።»

«ትንሽ አሞኝ። ባይመጣ ጨረስኩት።»

«ከሜዳ ሆነህ የወንድምህ ወንበር ይታይሃል?»

ብርጭቆዋን ወለሉ ላይ አስቀመጠ። «እሱን ይጠይቁት» አለና ፎጣውን ወደ ፊቱ ሳበ።

ከሰዓት በኋላ ሁሉም ሜዳው ላይ፣ መረቡ አጠገብ ተሰበሰቡ። ታላቁ ቆሞ በእግሩ ወለሉን ይመታል። «አሁን ይቀጥላል አይደል?» አለ ዳኛውን።

«ሰውየው የሞተው በሁለት ለሦስትና በአምስት ለአራት መሃል ነው» ብላ ጀመረች ኢንስፔክተሯ። «አባ መቀስ በዚያ ሃያ ደቂቃ ውስጥ ምን ሲሠሩ እንደነበር ራኬቷ ትመሰክራለች። ሰው ገድለው ያንን ያህል ክር ሊወጥሩ አይችሉም። አሁን ዳኛው አንድ ነገር ያስረዱኝ። ኳስ የሚቀየረው መቼ ነው?»

ወጣቱ ዳኛ በጣቱ ቆጠረ። «መጀመሪያ ከሰባት ጌም በኋላ፤ ከዚያ በየዘጠኙ።»

«ሰባት ጌም ማለት አራትና ሦስት፣ ዛሬ አራት ለሦስት ላይ ማለት ነው። ታዲያ ቀየርክ?»

«ረሳሁ።» አለ ወጣቱ። «ካሳለፍነው ደግሞ ደንቡ፣ በአዲሱ ኳስ ሊመታ ተራው የነበረው ሰው ተራው እንደገና እስኪደርሰው ጠብቁ ይላል። ስለዚህ አምስት ለአራት ላይ ነው ያወጣሁት። ወረቀቱ ላይ ጽፌዋለሁ። እባክዎ፣ ይሄ ከተሰማብኝ…»

«ስህተትህ የተባረከ ነው፣ ልጄ። ‹ምናልባት› የምትሉት ሰው ይህን አይቶ ስቋል፤ ስለዚህ ወንበሩ ላይ ነበር።» ወደ ታላቁ ዞረች። «እርስዎ ግን አራት ለሦስት ላይ አዲስ ኳስ ሲወጣ፣ ወንድምዎም ከፍ አድርጎ ሲያሳይ አየሁ አሉኝ።»

«ተሳስቼ ይሆናል። ሰው አይሳሳትም?»

«ይሳሳታል። እኔ ብሆን ግን እንዲህ ያለ ስህተት አልሳሳትም፤ ደንቡን አላውቀውማ። ነጥቡን ኮሪደሩ ላይ ካለው ስክሪን አይተው ነው የነገሩኝ። ስክሪኑ ነጥብ ያሳያል፤ ኳስ አያሳይም። የቀረውን ከሚያውቁት ደንብ ሞሉት። ሳይነሱ ተቀምጠው ቢሆን ኖሮ፣ የዳኛው ስህተት ከማንም በፊት እርስዎን ያስጮህ ነበር።»

ታላቁ ወደ ወንድሙ አየ፤ ወንድሙ ወለሉን ያያል።

«የጠፋውን ቅጽ ይስጡኝ» አለች። «ከአዳራሹ ስላልወጡ የትም አልጣሉትም።»

እጁ ራሱ ወደ ደረት ኪሱ ሄደ። በአራት የታጠፈ ቅጽ አውጥቶ ሰጣት።

«ማስታገሻ ልወስድለት ነው የወረድኩት» አለ። «ማሙሽ የእጁን አንጓ ሲይዝ አየሁት። ስገባ፣ ወጌሻው ይጽፋል። ጨዋታው ይቁም ብሎ ይጽፋል! ለመንኩት። እግሩ ላይ ወደቅኩ። ወረቀቱን ነጠቅኩት። ‹እንግዲያው አሁኑኑ አስቆመዋለሁ› ብሎ ሬዲዮውን አነሳና ዞረ። እንዳይጠራ ብቻ ነበር… እንዳይጠራ። ‹ስማኝማ፣ እኔ አይደለሁም› እያለኝ ነበር…»

«አላስጨረሱትም።»

«ብረቱን አጥቤ መለስኩ። ከዚያ ሽንት ቤት ገብቼ ከበሩ ስንጥቅ ስክሪኑን አየሁ፤ ሲያጨበጭቡ ነው የተመለስኩት።»

ኢንስፔክተሯ ወረቀቱን ዘረጋች። «አላነበቡትም?»

«ምኑ ይነበባል? የሚለውን አውቀዋለሁ።»

«‹የቀኝ እጁ አንጓ አጥንት ተሰንጥቋል። ከዚህ በኋላ ቢጫወት እጁ ላይድን ይችላል።›» ቆም አለች። «ከታች በሌላ ሰው እጅ ተጽፏል። ‹ይህ የተደረገው በራሴ በተጫዋቹ ጥያቄ ነው› ይላል። ተፈርሞበታል።»

ታላቁ ወረቀቱን ሊቀበል እጁን ዘረጋ፤ ፊርማውን ግን ከቆመበት ለየው። እሱ ነበር መፈረም ያስተማረው።

«ጠዋት ነው የፈረምኩለት» አለ ታናሹ። «የመጀመሪያው ክፍል ሲያልቅ እጠራሃለሁ፣ መጥተህ አስቁመኝ፣ ካንተ የመጣ ይምሰል አልኩት። ለአንተ መናገር አቃተኝ፣ ጋሼ። በኋላ ሕመሙ ባሰብኝና ቀድሜ ጠራሁት።» እንባው ይወርዳል፤ አልጠረገውም። «እኔ ፈሪ ባልሆን ሰውየው ዛሬ ቤቱ ይገባ ነበር።»

«ማሙሽዬ…» አለ ታላቁ። ከዚያ ሌላ የሚይዘው ነገር ያጣ ሰው የሚለውን አለ፤ «ግን እየመራህ ነበር እኮ!»

«ሁለት ለሦስት ላይ ቀና ስል ወንበርህ ባዶ ነበር» አለ ታናሹ። «ለዚያ ነው መጫወቱ የቀለለኝ።»

ታላቁን ይዘውት ወጡ። በሩ ጋ ሲደርስ ዞሮ የነጥብ ሰሌዳውን አየ፤ ስድስት ለአራት ይላል፤ የሚያጠፋው ሰው አልነበረም። ታናሹ ራኬቶቹን አንድ በአንድ በግራ እጁ ቦርሳው ውስጥ ከተተ። ዚፑ አልዘጋ አለው፤ አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ የሚዘጋለት ወንድሙ ነበር። አባ መቀስ መጣና ጎንበስ ብሎ ዘጋለት።