የማያልቀው ዘጠነኛ ዙር

ይሄ የደረሰው በራሴ ላይ ነው። ሰው አልነገረኝም፤ የትም አላነበብኩትም።

ማመን አለማመን የእናንተ ፋንታ ነው። እኔ ለመከራከር ጊዜ የለኝም።

ያለፈው ሐሙስ። ከቀኑ ሰባት ሰዓት ከአምስት ደቂቃ። ኦሃዮ ውስጥ ቤልደን በምትባል ትንሽ ከተማ፣ በእናቴ ኩሽና ውስጥ።

በመሀል «ቆይ» ካልኳችሁ ታገሱኝ። ለምን እንደሆነ ስትደርሱበት ይገባችኋል።

ስሜ ኬንት ነው። የዚያን ቀን የመጣሁት እናቴን ከዚህ ቤት ላወጣት ነበር።

እናቴ አርሊን ሰማንያ አንድ ዓመቷ ነው፤ ብቻዋን ነው የምትኖረው። በሚያዝያ ከደረጃ ወድቃ፣ የእጇ አንጓ ተሰብሮ፣ ምድር ቤት ውስጥ አስራ አንድ ሰዓት ሙሉ ተኝታ ነው ያገኘኋት። አንድ ጊዜ ደግማ ብትወድቅ አለቀላት። ስለዚህ የአረጋውያን ማረፊያ ቦታ ያዝኩላት። መኪናቸው ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ላይ መጥቶ ይወስዳታል።

ስገባ ጠረጴዛው ላይ ቁጭ ብላለች። ፊት ለፊቷ ታብሌቷ፣ የነጥብ መመዝገቢያ ወረቀቷ፣ እርሳሷ።

«ሻንጣሽን አዘጋጀሽ እማ?»

«አላዘጋጀሁም።»

«ተነጋግረን አልነበር እንዴ?»

«አንተ ተናገርክ። እኔ መቼ ተናገርኩ?»

«እማ፣ መኪናው ይመጣል...»

«ይምጣ። ጨዋታው ሳያልቅ ከዚህ ንቅንቅ አልልም።»

ይሄ በእኛ ቤት ሕግ ነው። ቤዝቦል ተጀምሮ የመጨረሻው መቺ ከጨዋታ ሳይወጣ ማንም አይነሳም። አባቴ መብረቅ ሲወርድ እንኳን ሜዳውን ጥሎ አልወጣም። ድሮ በሬዲዮ ነበር የምንሰማው። የከተማው ጣቢያ ከተዘጋ ወዲህ ግን «አናጢዎች» የሚባለው ቡድናችን ጨዋታ በኢንተርኔት ብቻ ነው የሚተላለፈው። እናቴ ታብሌት መክፈት የተማረችው ለዚህ ብላ ነው። እያንዳንዱን ውርወራ በእርሳስ ትመዘግባለች።

ተውኳት። ፎቅ ወጥቼ ልብሷንና ዕቃዋን ራሴ ሳዘጋጅ ሁለት ሰዓት አለፈ።

ሻንጣውን ይዤ ወርጄ በሩ ጋ አስቀመጥኩት። ውጭ ዝናቡ መስኮቱን ይደበድበዋል።

«ፀሐይዋ ዛሬ ግሩም ናት!» አለ ታብሌቱ። «አንድም ደመና የለም።»

ሜዳው እዚሁ ሦስት ኪሎ ሜትር ላይ ነው።

«እማ፣ ዝናብ እኮ ነው።»

«እዚህ ነው። እዚያ ላይሆን ይችላል።»

ቀና ብላ እንኳን አላየችኝም።

ዝም ብዬ ማዳመጥ ጀመርኩ። ኳስ በዱላ ሲመታ ድምፁን አውቀዋለሁ። ይሄ ግን እሱ አልነበረም።

ቋ።

ደረቅ ነገር። እንጨት ላይ የሚንኳኳ... እርሳስ የመሰለ።

ከዚያ የሕዝብ ጩኸት። ከዚያ አንድ ሰው ያስላል።

ቋ። ጩኸት። ሳል።

ቋ። ጩኸት። ሳል።

ያው ሰው። ያው ሳል።

ከዚያ ነው የአስተላላፊውን ድምፅ ያወቅኩት። ጉሮሮው ውስጥ ጠጠር ያለ የሚመስል፣ የቃሉን ጫፍ ጎተት የሚያደርግ...

ታላቅ ወንድሜ ሎውል።

ሎውል ሃያ ሁለት ዓመት የአናጢዎችን ጨዋታ በሬዲዮ ያስተላልፍ ነበር። ባለፈው ኅዳር ሞተ። ሬሳ ሣጥኑን የተሸከምኩት እኔ ነኝ። አለቀስክ ወይ ብትሉኝ አላለቀስኩም።

ቆይ።

እሺ። ልጆች ሆነን ሎውል አንድ ጨዋታ ነበረው። በጥንት ጊዜ አስተላላፊዎች ሜዳ አይሄዱም ነበር። ወሬው በቴሌግራፍ ሽቦ ይመጣላቸዋል፤ እነሱ ክፍል ውስጥ ተቀምጠው ያዩ መስለው ይናገራሉ። የዱላውን ድምፅ እንጨት እየቆረቆሩ ያወጡታል። ሽቦው ከተበጠሰ ደግሞ ብልሃት አላቸው። መቺው ኳሷን ከመስመር ውጭ መታት ይላሉ። ሁለት ጊዜ የሳተ መቺ ኳሷን ከመስመር ውጭ ቢመታት ቆጠራው አይለወጥም። እንደገና ይወረወርለታል። እንደገና። ሽቦው እስኪቀጠል ድረስ ሰውየውን እዚያው ያቆሙታል።

ሎውል አልጋው ላይ ሆኖ የአልጋውን እግር በእርሳስ እየመታ ያስተላልፋል፤ እኔ እመዘግባለሁ። ከመስመር ውጭ ባለ ቁጥር አንድ ነጥብ። አንድ ነጥብ ካመለጠኝ፣ ካንቀላፋሁ...

በእርሳሱ ይወጋኛል። መዳፌ መሀል ግራጫ ነጥብ አለች፤ የእርሳሱ ስባሪ እስከ ዛሬ አልወጣም።

እንግዲህ እሱን ነው የሰማሁት። የድሮ ቅጂ ነው ብዬ ራሴን አጽናናሁ። ሜዳው ጋ ትኬት የምትሸጠው ፓውላ ጋ ደወልኩ።

«ፓውላ፣ ጨዋታው ስንተኛ ዙር ደረሰ?»

«የምን ጨዋታ? ጠዋት በዝናብ ተሰረዘ እኮ! ሜዳው በሸራ ተሸፍኗል።»

«ማነው ታዲያ የሚያስተላልፈው?»

«ማንም። የማስተላለፊያ ክፍሉ ተቆልፏል፤ ቁልፉ ኪሴ ውስጥ ነው። ምን ነካህ ኬንት፣ በዚህ ሰዓት ትጠጣለህ?»

ስልኩን ዘጋሁ።

«ኬኒ ሻንጣውን በሩ ጋ አስቀመጠው» አለ ታብሌቱ።

ኬኒ እያለ የሚጠራኝ አንድ ሰው ብቻ ነበር።

በኢንተርኔት የሚመጣ ስርጭት ከሜዳው ዘግይቶ ነው የሚደርሰው፤ አርባ ሰከንድ፣ አንዳንዴም ከዚያ በላይ። ይሄን የማያውቅ የቤዝቦል ሰው የለም። ሻንጣውን ካስቀመጥኩ ግን አምስት ደቂቃ አልፏል።

«ኬኒ ስልክ ደወለ። ሴትዮዋ ሰከርክ ወይ አለችው።» ሕዝቡ ሳቀ።

እሱ ከተደረገ አርባ ሰከንድ ቢሆነው ነው።

ፊቴን በእጄ ጠረግኩ።

«ላብ አጠመቀው፤ ፊቱን ጠረገ።»

አስር ሰከንድ።

እየደረሰብኝ ነው!

«ማነው ይሄ እማ?»

 እርሳሱ ወረቀቱ ላይ ይሄዳል።

«እማ! ማነው አልኩሽ?»

«አትጩህ» አለች በሹክሹክታ።

ታብሌቱን ነጠቅኩና አጠፋሁት። መስታወቱ ጨለመ።

ቋ። ጩኸት። ሳል።

የኢንተርኔቱን ገመድ ከግድግዳው መዥርጬ አወጣሁት።

«ገመዱን ነቀለ! ምስኪን ኬኒ፣ ድሮም ጅል ነበር።»

 ወንበር ስቤ እናቴ አጠገብ ዘጭ አልኩ። የመጨረሻው፣ ዘጠነኛው ዙር ደርሶ ነበር። ሁለት መቺዎች ከጨዋታ ወጥተዋል፤ መቺው ሁለት ጊዜ ስቷል። አንዴ ከሳተ ጨዋታው ያልቃል።

«ወረወረ... መታት... ከመስመር ውጭ!»

እናቴ አንድ ነጥብ አስቀመጠች።

«ከመስመር ውጭ!»

ሌላ ነጥብ።

«ከመስመር ውጭ!»

ሃያ። ሠላሳ። ሃምሳ።  ያ የተሰበረው የእናቴ አንጓ አብጧል። ውጭ የመኪና ጥሩምባ ተነፋ። የማረፊያ ቤቱ ሾፌር ነው።

«ተነሺ እማ። እንሂድ።»

«አይሆንም።»

«በግድ ነው የምወስድሽ!»

ከዚያ ቀና ብላ አየችኝ። በሕይወቴ እናቴን እንደዚያ ፈርታ አይቻት አላውቅም። አፏን ጆሮዬ ላይ አደረገች።

«ውሰደኝ» አለች።

«ምን?»

«ዝቅ አድርገህ። ይሰማል። ከመጋቢት ጀምሮ በየቀኑ ነው። በየቀኑ ኬንት።»

«ለምን አልነገርሽኝም?»

«በሚያዝያ ልነግርህ ተነሳሁ። ጨዋታው ሳያልቅ ተነሳሁ።»

ደረጃው ትዝ አለኝ።

«ወድቀሽ ነው ያልሺኝ...»

«አልወደቅኩም ልጄ። ተገፋሁ።»

«ከመስመር ውጭ!» አለ ሎውል። ነጥብ አስቀመጠች።

«እሺ ማለት ፈርቼ ነው ስሰድብህ የከረምኩት» አለች። እንባዋ ወረቀቱ ላይ ጠብ አለ። «ሌላ ቀን ያልቅ ነበር። ዛሬ ሻንጣውን አየ። አይጨርሰውም።»

ጥሩምባው ደግሞ ተነፋ። «ኧረ ሰዎች፣ ሰዓቴ እኮ ነው!» ይላል ሾፌሩ ከውጭ።

ወንድሜን ጠላሁት። ድሮም እጠላው ነበር፤ ሞቶም ጠላሁት። የራሱን እናት! ግን ሎውል አንድ ነገር ነበረው። ይዋሻል፣ ሰው ይመታል፣ ያላግጣል፤ የቤዝቦልን ደንብ ግን አንድም ቀን ጥሶ አያውቅም።

አንዴ የተቀየረ ተጫዋች ወደዚያ ጨዋታ አይመለስም። ደንብ ነው። ቅያሪ ደግሞ ጮክ ተብሎ ይነገራል።

ብድግ አልኩ።

«ቅያሪ!»

ቋ የሚለው ነገር ቆመ። ሳሉም ቆመ። ዝናቡ ብቻ ተሰማ።

«አርሊን ወጥታለች» አልኩ።  «በሷ ቦታ... ኬንት።»

እርሳሱን ከጣቷ ፈልቅቄ ወሰድኩ። ሞቃት ነበር።

ወረቀቱን ወደ እኔ ሳብኩ።

ከዚያ ሎውል ሳቀ።

«የመዝጋቢ ለውጥ፣ ክቡራን አድማጮች! የወጣችው አትመለስም። ኬኒ ገብቷል... እንቅልፋሙ ኬኒ።»

«ሂጂ» አልኳት።

«ልጄ...»

«ወደኋላ አትዪ። የደጁ ደረጃ ላይ ግድግዳውን ያዢ።»

መዳፌን ገልጣ ያቺን ግራጫ ነጥብ በአውራ ጣቷ ዳበሰቻት። ሻንጣውን ይዛ ወጣች። የመኪናው በር ሲዘጋ ሰማሁ። ሞተሩ ራቀ።

ሳትወድቅ ወጣች። ምን አባቱ!

«ከመስመር ውጭ» አለ ሎውል።

የመጀመሪያዋን ነጥብ አስቀመጥኩ።

ቆይ።

ዛሬ እሁድ ነው። እዚያው ዘጠነኛ ዙር ላይ ነን። ያው መቺ፣ ያው ቆጠራ። ይሄን ሁሉ የጻፍኩላችሁ በስልኬ ነው፤ በግራ እጄ፣ በነጥብ መሀል፤ «ቆይ» የምላችሁም ነጥብ ላስቀምጥ ነው። ሲያሻው «ወርዋሪው የጫማውን ክር ያስራል» ይላል፤ ያኔ ጠረጴዛው ላይ ትንሽ አሸልባለሁ። ወረቀቱ ካለቀ ቆይቷል። ጠረጴዛው ላይ ነው የምመዘግበው። ጠረጴዛውም እየሞላ ነው።

እናቴ ትናንት ደውላ ነበር። ደህና ናት። ሾርባቸው ውሃ ነው፣ ጎረቤቴ ታንኮራፋለች ብላ ስታማርር ደስ አለኝ። እንዳትመጣ አስጠነቀቅኳት። ጨዋታው አልቋል፣ ቤቱን እያጸዳሁ ነው ብዬ ዋሸኋት።

እናንተም እንዳትመጡ። ለዚያ ነው የጻፍኩት። በዝናብ ቀን ፀሐይ ነው የሚል ስርጭት ከሰማችሁ፣ ገና መጀመሪያው ዙር ላይ ዝጉት። እርሳስ አታንሱ።

«የኬኒ ስልክ ሊጠራ ነው» አለ አሁን።

አሁን እኮ ከእኔ ቀድሟል።

ጠራ። እናቴ ናት። ድምፁን ከፍ አድርጌ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥኩት፤ እየሰማሁ እጽፋለሁ።

«ዛሬ ዶሮ ሰጡን» አለች። «ደረቅ ነው። ግን ጨው አለው።»

«ጎሽ እማ። ብዪ።»

«አንተስ ትበላለህ?»

«እበላለሁ።»

«ድምፅህ ደክሟል።»

«ቤት ማጽዳት ነው እማ። አታስቢ።»

 ከኋላዋ ቴሌቪዥን ይሰማል፤ ሰዎች ይስቃሉ።

«ኬንት...» አለች። በሹክሹክታ።

«አቤት።»

«አንዷን ነጥብ ረሳሃት።»

የቃሉ ጫፍ እንደ ሎውል ተጎተተ። ስልኩ ተቋረጠ።

ቋ የሚለው ነገር ቆሟል። ሳሉም የለም።

ከኋላዬ አንድ ወንበር ወለሉን እየፋቀ ተጎተተ።

እርሳሱን ጠረጴዛው ላይ ነበር ያስቀመጥኩት። የለም።