ሁለቷ ሰከንድ

የተዋወቅነው በተንቀራፈፈ ገጽ ምክንያት ነው።

የሆስፒታሉን የቀጠሮ ድረ ገጽ ፒኤችፒ በሚባል የኮድ ቋንቋ የምንሠራው እኔና እሱ ነበርን። አንድ ሰው ሲጫን የትኛው ገጽ ላይ እንደሚደርስ የሚወስነውን ኮድ የሚጽፈው እሱ ነው። የእኔ ድርሻ ፍጥነት ነው። እያንዳንዱ ሥራ ስንት ሰከንድ እንደፈጀ የሚዘረዝር ፕሮፋይለር የሚባል መሣሪያ አለኝ፤ የሚጎተተውን ለይቼ የማወጣው በእሱ ነው።

አንድ ሰኞ የቀጠሮው ገጽ ሁለት ሰከንድ መዘግየት ጀመረ። ወንበሩን እየጎተተ መጣ።

«ብቻሽን ከምትደክሚ አብረን እንፈልገው» አለኝ።

«ልታግዘኝ ነው ልታዘናጋኝ?»

«እንደ አመጣጡ!»

ከዚያ በኋላ በየቀኑ ከምሳ መልስ ስህተት ለቀማ ሆነ ሥራችን። ክርናችን ሲነካካ ሁለታችንም ስክሪኑ ላይ እናፈጣለን። ስለ አባቴ ነገርኩት፤ አልጋ ላይ ከዋለ ሦስት ዓመቱ ነው፤ መድኃኒቱ የሚገዛው በእኔ ደመወዝ ብቻ ነው። ሳያቋርጠኝ ሰማኝ። ያኔ ወደድኩት።

ሁለት ወር እንዲህ አለፈ። አንድ ቀን አለቃችን መጥተው ከፊቴ ቆሙ።

«አንድ በሽተኛ ለመመዝገብ ሃያ ጊዜ ይጫናል፤ በእያንዳንዱ ሁለት ሰከንድ ይባክናል፤ ሰልፉ ደጅ ደርሷል። እስከ ዓርብ ካልተስተካከለ ውልሽ አይታደስም።»

እሱ ፊቱ አመድ መሰለ። ተነስቶ ተከተላቸው። ሲመለስ ዕቃውን ካርቶን ውስጥ መክተት ጀመረ።

«ምን አልካቸው?»

«ሁለቷን ሰከንድ የጨመርኳት እኔ ነኝ። ጠብቅ የምትል አንዲት የኮድ መስመር ናት። አጠገቧ ለመቀመጥ ሰበብ አጥቼ ነው ስላቸው ሳቁ። ስቀው ሲያበቁ፣ መታወቂያህን አስረክብ አሉኝ።»

እጄን ያዘኝ።

«ይቅር በይኝ። ምንም ሳታውቂ ጉድ ልሠራሽ ነበር።»

መስመሯን በሁለተኛው ሳምንት አግኝቻት ነበር። የፕሮፋይለሩ ዝርዝር ላይ ብቅ ስትል ቶሎ ወደ ታች አሳልፋታለሁ፤ ወንበሩን ይዞ እንዳይሄድብኝ።

ይህን ብናገር ሁለታችንም ነበርን የምንባረረው። የአባቴ መድኃኒት ታየኝ። አንገቴን ደፋሁ።

«ይቅር ብዬሃለሁ» አልኩት።

እንደወጣ መስመሯን አጠፋሁ። ገጹ በቅጽበት ተከፈተ። አለቃችን «ጎበዝ» አሉኝ፤ ውሌም ታደሰ።

ከወር በኋላ ደወለልኝ። ሥራ አላገኘም።

«ቀና ብዬ የምሄደው አንቺ ይቅር ስላልሽኝ ነው» አለኝ።

ከዚያ ወዲህ ሲደውል ስልኩን ማንሳት አቃተኝ።